መስኮት ቤት ሲሸከም፦ የቤይ ዊንዶው ታሪክ

የመስኮት ሥራ ምንድን ነው ብትባሉ መልሱ ቀላል ነው፤ ብርሃን ያስገባል፣ አየር ያስገባል፣ ውጭውን ያሳያል። ከላዩ ያለውን ግድግዳና ጣሪያ ይሸከማል ብሎ የሚመልስ ግን ብዙም አይገኝም። እንግሊዝ ውስጥ በ1920ዎቹና በ1930ዎቹ በተሠሩ ብዙ ቤቶች ግን የፊት ለፊቱ መስኮት ይህንንም ሥራ ደርቦ ይሠራ ነበር። ከዓመታት በኋላ ባለቤቶቹ አሮጌውን የእንጨት መስኮት ነቅለው በፕላስቲክ ሲተኩ፣ በአንዳንዶቹ ቤቶች ከላይ ያለው ግድግዳ ቀስ እያለ መውረድ ጀመረ።

መስኮት እንዴት ተሸካሚ ሆነ? ይህን ለመረዳት ትንሽ ወደ ኋላ እንሂድ። (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ከግድግዳው ወጣ ያለ መስኮት

ቤይ ዊንዶው ከግድግዳው ጋር ተስተካክሎ በመቆም ፈንታ ወደ ውጭ ወጣ ብሎ የሚሠራ መስኮት ነው። አብዛኛውን ጊዜ ሦስት ፊት አለው፤ አንዱ ፊት ለፊት፣ ሁለቱ በግራና በቀኝ። ጥቅሙ ግልጽ ነው። ጠፍጣፋ መስኮት ወደ አንድ አቅጣጫ ብቻ ሲያይ ይህኛው ወደ ሦስት ያያል፤ ስለዚህ ፀሐይዋ ስትዞር ክፍሉ ብርሃን ቶሎ አያጣም። ወንበር የምታስገባ ተጨማሪ ቦታም ይገኛል።

መጀመሪያ ላይ ግን የባለጸጎች ነገር ነበር። ንጉሥ ሄንሪ ስምንተኛ ከ1532 እስከ 1535 ባሠራው የሃምፕተን ኮርት ታላቅ አዳራሽ፣ የክብር መቀመጫው ባለበት ጫፍ በኩል ረጅም ቤይ ዊንዶው አለ። መስታወቱን የያዙት ቋሚዎች ድንጋይ ናቸው። እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ በሉ፦ ድንጋይ ቋሚ የራሱንም ሆነ ከላዩ ያለውን ክብደት ተቀብሎ ወደ መሬት ማውረድ አያቅተውም።

እሳት፣ ግብርና መስታወት

ታዲያ ይህ መስኮት ወደ ተራው ሰው ቤት ለመድረስ 300 ዓመት ያህል ለምን ፈጀበት? አንዱ ምክንያት እሳት ነው። ለንደን በ1666 ከተቃጠለች በኋላ የወጡት የግንባታ ሕጎች፣ በቤት ፊት ላይ የተጋለጠ እንጨት እሳትን ከቤት ወደ ቤት ያሻግራል ብለው ይፈሩ ነበር። በ1709 የወጣው ሕግ የመስኮት መቃን ከግድግዳው ፊት 4 ኢንች፣ ማለትም 10 ሴንቲ ሜትር ያህል፣ ወደ ውስጥ እንዲገባ አዘዘ። መስኮቱ ወደ ውጭ መውጣቱ ቀርቶ ጭራሽ ወደ ውስጥ ግባ ተባለ!

ሌላው ምክንያት ገንዘብ ነው። ከ1696 ጀምሮ መንግሥት በመስኮት ብዛት ግብር ያስከፍል ነበር። ብዙ ሰው ግብሩን ለመሸሽ መስኮቱን በጡብ ደፈነ፤ ዛሬም እዚያ አገር የተደፈኑ መስኮቶች ያሏቸው አሮጌ ቤቶች ይታያሉ። በ1740ዎቹ ደግሞ በራሱ በመስታወቱ ላይ ቀረጥ ተጨመረ። የመስታወቱ ቀረጥ የተነሣው በ1845፣ የመስኮቱ ግብር የተነሣው በ1851 ነው። በዚያው በ1851 ለንደን ላይ የተከፈተው ክሪስታል ፓላስ የተባለው የኤግዚቢሽን አዳራሽ ወደ 300,000 የሚጠጉ መስታወቶች ተገጥመውለት ነበር። መስታወት የቅንጦት ዕቃ መሆኑ እየቀረ መጣ፤ ቤይ ዊንዶውም በከተማ ዳር አዳዲስ ሰፈሮች እንደ አሸን ፈላ። በ1894 የወጣው የለንደን የግንባታ ሕግም ለእነዚህ መስኮቶች ይበልጥ በር ከፈተ።

ማን ይሸከም?

መስኮቱ ሲበዛ የምሕንድስናው ጥያቄም አብሮ መጣ። ግድግዳ ላይ ትልቅ ቀዳዳ ከፍታችሁ መስታወት ስትገጥሙ፣ ቀድሞ በዚያ በኩል ይወርድ የነበረው ክብደት የት ይሂድ? ክብደት አይጠፋም፤ መንገዱን ብቻ ይቀይራል።

አንዱ መልስ የተገኘው ሊቨርፑል ውስጥ ነው። አርክቴክቱ ፒተር ኤሊስ በ1864 ኦሪየል ቻምበርስ የተባለ የቢሮ ሕንፃ ሠራ። ሕንፃውን የሚሸከመው ከውስጥ ያለው የብረት አጽም ሲሆን፣ ከፊቱ ወጣ ወጣ ያሉት የመስታወት መስኮቶች ጭነት የለባቸውም። ልክ በዚያን ጊዜ ጆን ዌልቦርን ሩት የሚባል አሜሪካዊ ልጅ የአገሩን የእርስ በርስ ጦርነት ሸሽቶ ሊቨርፑል አካባቢ ይማር ነበር። ልጁ አድጎ ከቺካጎ ታላላቅ አርክቴክቶች አንዱ ሆነ፤ ይህን ሕንፃ አይቶት ይሆናል ብለው የሚገምቱ የታሪክ ጸሐፊዎች አሉ።

ቺካጎ ውስጥ ሁለት ሕንፃዎችን ብታወዳድሩ ልዩነቱ ቁልጭ ብሎ ይታያችኋል። ሩት የነደፈው በ1891 የተጠናቀቀው ሞናድኖክ 16 ፎቅ ነው፤ ወጣ ወጣ ያሉ መስኮቶች አሉት፣ ነገር ግን የሚሸከመው የጡብ ግድግዳው ነው። በዚህ ምክንያት ግድግዳው ከታች 1.8 ሜትር ያህል ውፍረት አለው። በ1895 የተጠናቀቀው ሪላያንስ ደግሞ የብረት አጽም ስላለው ቤይ ዊንዶዎቹ ሰፋፊ መስታወት ሊሆኑ ቻሉ። በመካከላቸው ያለው ጊዜ አራት ዓመት ብቻ ነው።

ተራው ቤት ግን የብረት አጽም አልነበረውም

በሁለቱ የዓለም ጦርነቶች መካከል በእንግሊዝ ከተሞች ዳር በብዛት ወደተሠሩት ባለ አንድ ፎቅ ቤቶች እንመለስ። ከብዙዎቹ ፊት ከምድር ቤት እስከ ፎቅ የሚወጣ ቤይ ዊንዶው አለ። ከታች እስከ ወገብ ድረስ ጡብ ነው። ከዚያ የእንጨት መስኮት፣ ከሱ በላይ የፎቁ የፊት ግድግዳና መስኮት፣ ከዚያ ትንሽ ጣሪያ። የላይኛው ክብደት ወደ ታች የሚወርደው በየማዕዘኑ በቆሙት የመስኮቱ ወፋፍራም እንጨቶች በኩል ነበር። የመስኮቱ መቃን ኮለን ሆኖ ያገለግል ነበር ማለት ነው።

በ1970ዎቹና በ1980ዎቹ እንጨቱ ሲያረጅ የፕላስቲክ መስኮት ገበያውን ያዘ። ፕላስቲኩ አይበሰብስም፣ ቀለም አይፈልግም። ውስጡ ግን ክፍት ነው፤ ከላይ የሚመጣ ክብደት ለመሸከም አልተሠራም። ሥራውን በትክክል የሚያውቅ ገጣሚ በየማዕዘኑ የብረት ወይም የአሉሚኒየም ምሰሶ ያቆማል። ይህን የዘለሉ ግን ነበሩ።

በጣም አደገኛው ነገር ቤቱ በዕለቱ አለመውደቁ ነው። የፎቁ ወለል እንጨቶች፣ ጡቡና ልስኑ ተጋግዘው ለጊዜው ክብደቱን ያቆዩታል። ከዚያ ጭነቱ ቀስ በቀስ ፕላስቲኩ ላይ ያርፋል፤ መስኮቱ አልከፈት ይላል፣ ቤይ ዊንዶው ከዋናው ግድግዳ ጋር በሚገናኝበት ቦታ ስንጥቅ ይታያል። ገጣሚው ሒሳቡን ተቀብሎ ከሄደ ቆይቷል። ከ2002 ጀምሮ በእንግሊዝና በዌልስ መስኮት መቀየር በግንባታ ደንብ ሥር ገብቷል፤ ወይ የተመዘገበ ገጣሚ ይሠራዋል፣ ወይ የአካባቢው አስተዳደር ያየዋል።

ዛሬ በገዛ እጅ ሲገጠም

በሰሜን አሜሪካ ቤይ ዊንዶው ከፋብሪካ ተገጣጥሞ ስለሚሸጥ፣ በእረፍት ቀኑ ራሱ የሚገጥም ሰው ብዙ ነው። እስቲ ክብደቱን እናስላ። አንድ ካሬ ሜትር ስፋትና 1 ሚሊ ሜትር ውፍረት ያለው መስታወት 2.5 ኪሎ ይመዝናል። ባለ 4 ሚሊ ሜትር መስታወት ሁለት ሲደራረብ በካሬ ሜትር 20 ኪሎ ይሆናል። መስኮቱ 4 ካሬ ሜትር ከሆነ መስታወቱ ብቻ 80 ኪሎ ነው፤ ፍሬሙና በመስኮቱ መደብ ላይ የሚቀመጠው ሰው ገና አልተቆጠሩም።

ይህ ሁሉ ደግሞ ከግድግዳው ውጭ ነው። ውሃ የሞላ ባለ ሁለት ሊትር ሃይላንድ ደረታችሁ ላይ አስጠግታችሁ ያዙ፤ ቀላል ነው። አሁን ክንዳችሁን ወደ ፊት ዘርጉና ያዙት። ውሃው አልጨመረም፣ ትከሻችሁ ግን ይጮኻል። ወጣ ያለ መስኮትም ግድግዳውን እንዲሁ ይጎትተዋል። ስለዚህ ወይ ከሥር በሰያፍ ድጋፍ ይደገፋል፣ ወይ ከላይ በብረት ገመድ ከቤቱ አጽም ጋር ይታሰራል።

የሥራው ቅደም ተከተልም ከዚሁ ይመነጫል። በመጀመሪያ ጣሪያውን ወይም ፎቁን የያዘው ጭነት በጊዜያዊ ድጋፍ ይያዛል። ከዚያ ግድግዳው ይከፈታል፤ ከክፍተቱ በላይ ጭነቱን ወደ ግራና ቀኝ የሚያሻግር ሊንቴል ይጋደማል። መስኮቱ ገብቶ በውሃ ልክ ይስተካከላል፣ ድጋፉ ይታሰራል። ውሃ እንዳይሰርግ በላሜራ የሚሸፈነው ትንሽ ጣሪያ የሚመጣው መጨረሻ ላይ ነው። ለጊዜያዊ ድጋፍ ዛሬ በብዙ አገር የሚሠራበትን፣ በጥርስ እየተጠመዘዘ የሚረዝመውን የብረት ምሰሶ በ1930ዎቹ ያወጣው ትውልደ ስዊዘርላንዱ ዊሊያም ደ ቪዢዬ ነው። እኛ አገር አርማታው እስኪጠነክር ከሥሩ የሚቆመው የባሕር ዛፍ አጣና ሥራውም ይኸው ነው።

ወደ እናንተ ቤት

የምትኖሩት የአርማታ ቢምና ኮለን ባለው ሕንፃ ውስጥ ከሆነ፣ ክብደቱ የሚወርደው በአብዛኛው በእነሱ በኩል ነው፤ በመካከል ያለው ብሎኬት ሙሌት ነው። በድንጋይ በተገነባ ቤት ግን ተሸካሚው ግድግዳው ራሱ ነው። በጭቃ ቤት ደግሞ ጣሪያውን የያዙት ከጭቃው ውስጥ የተደበቁት ቋሚ እንጨቶች ናቸው፤ መስኮት ለማስፋት አንዱን ስትቆርጡ የጣሪያውን እግር ልትቆርጡ ትችላላችሁ።

እስቲ ዛሬ ማታ ይህን ሞክሩ። ከጣሪያው ጀምራችሁ ክብደቱ እስከ መሬት የሚወርድበትን መንገድ በጣታችሁ ተከተሉ። ጣታችሁ መስኮት ላይ ደርሶ ከዚያ ወዴት እንደሚሄድ ካልታወቃችሁ፣ ያንን መስኮት ከመንካታችሁ በፊት መሐንዲስ ጠይቁ።