የሜክሲኮ ባለ ቀይ ጉልበት ታራንቱላ፦ ሳይንሳዊ አመዳደቡና በፈቃድ ሰነድ ላይ የሚጻፈው ስም

ባለ ቀይ ጉልበት ታራንቱላ በሜክሲኮ የፓስፊክ ጠረፍ አካባቢ ጉድጓድ ውስጥ የሚኖር ትልቅ ሸረሪት ነው። ሰውነቱ ወደ ጥቁር ያደላ ሲሆን በእግሮቹ መጋጠሚያ ላይ ቀይ ብርቱካናማ ቀለም ይታያል። በቤት ማሳደግ የሚፈልጉ ሰዎች የሚመርጡትም በዚህ መልኩና በረጋ ጠባዩ ነው።

ሸረሪት ነፍሳት አይደለም። ስምንት እግር ያለው በመሆኑ ከጊንጥና ከመዥገር ጋር አራክኒዳ በተባለው መደብ ይካተታል። አስተኔው ቴራፎሲዴ፣ ወገኑ ደግሞ ብራኪፔልማ ይባላል። ሲደነግጥ ከሆዱ ላይ በኋላ እግሮቹ የሚያራግፈው ፀጉር ቆዳንና ዓይንን ያሳክካል፤ በአፍሪካ ታራንቱላዎች ላይ እንዲህ ያለ ፀጉር አይገኝም።

አስቸጋሪው ነገር የዝርያው ስም ነው። ለረጅም ጊዜ ይህን መልክ የያዘ ሸረሪት ሁሉ በ1897 እ.ኤ.አ. በተሰጠው ስም ብራኪፔልማ ስሚቲ ይባል ነበር። በ1997 እ.ኤ.አ. ብራኪፔልማ ሃሞሪ የተባለ፣ በዓይን ለመለየት እጅግ የሚያስቸግር ሌላ ዝርያ ተገለጸ። በ2017 እ.ኤ.አ. የታተመ ጥናት የሁለቱን ወሰን አስተካክሏል፤ በዚህም መሠረት ስሚቲ በጌሬሮ በኩል፣ ሃሞሪ ደግሞ በኮሊማ፣ በሃሊስኮና በሚቾአካን በኩል የሚገኝ ሲሆን፣ የባልሳስ ወንዝ ተፋሰስ ይለያቸዋል። ቀደም ሲል ስሚቲ እየተባሉ ይሸጡ ከነበሩት ብዙዎቹ ሃሞሪ ናቸው። ከዚያም በኋላ የወገኑ ከፊል ዝርያዎች ትሊልቶካትል ወደተባለ አዲስ ወገን ተዛውረዋል።

የስሙ መለወጥ ጥበቃውን አያስቀርም። ብራኪፔልማ በሙሉ፣ ኢትዮጵያም አባል በሆነችበት በመጥፋት አደጋ ላይ ያሉ የዱር እንስሳትና ዕፅዋት ዓለም አቀፍ ንግድ ስምምነት (ሳይተስ) ሁለተኛ አባሪ ውስጥ ተመዝግቧል። በዚህ አባሪ ያለ እንስሳ ንግዱ ባይከለከልም ከላኪው አገር የወጪ ፈቃድ ያስፈልገዋል። ፈቃዱ ቢበዛ ለስድስት ወር የሚጸና ሲሆን ለእያንዳንዱ ጭነት ለየብቻ ይሰጣል። ሳይንሳዊ ስሙንና እንስሳው ከዱር የተያዘ ወይም በሰው ቁጥጥር ሥር የተራባ መሆኑን መግለጽ ግዴታ ነው፤ «ቀይ ጉልበት» የሚለው የገበያ ስም ብቻውን አይበቃም።

ቁጥጥሩን ያስፈለገው የእንስሳው አዝጋሚ ዕድገት ነው። ሴቷ ለመራባት ዓመታት ይፈጅባታል፤ ከዚያ በኋላ ግን ከ20 ዓመት በላይ ልትኖር ትችላለች። ወንዱ ለአካለ መጠን ከደረሰ በኋላ ብዙ አይቆይም። ስለዚህ ያደጉ ሴቶች ከአንድ አካባቢ ከተለቀሙ በቦታቸው የሚተኩት ከብዙ ዓመታት በኋላ ነው።