ፎርሙላ፣ ቀመርና ምጥን
በአፍንጫ ቱቦ ለሚመገብ ሕፃን የቀኑ መጠን ሲሰላ «ፎርሙላ» የሚለው ቃል ወተቱንም ስሌቱንም ይጠራል፤ በላቲን «ትንሽ ቅርጽ» ከሚል ተነሥቶ ደንብ፣ የሂሳብ ሕግ፣ ኋላም በልክ የተሰናዳ የሕፃን ወተት ሆኗልና። በከፋ የምግብ እጥረት ለታመሙ ሕፃናት በቅድሚያ የሚሰጠው ወተት ኤፍ 75 ሲባል «ኤፍ» ይኸው ፎርሙላ ነው፤ ቁጥሩ ግን በ100 ሚሊ ሊትር ያለውን ኪሎ ካሎሪ እንጂ የሚሰጠውን መጠን አያመለክትም። እብጠት የሌለበት ባለ 6 ኪሎ ሕፃን፣ በኪሎ 130 ሚሊ ሊትር ታስቦለት፣ በቀን 780 ያገኛል፤ ይህም በየ3 ሰዓቱ ሲከፈል ለአንድ ጊዜ ወደ 98 ይደርሳል። ሁለቱን በአማርኛ ለመለየት፣ ለስሌቱ ከባሕረ ሐሳብ የተወረሰው «ቀመር» ይበቃል። ለወተቱ ግን፣ ምጥን ዱቄት የምታውቅ እናት «ምጥን ወተት» ቢሏት ሳትጠይቅ ትረዳዋለች፤ «አልሚ ወተት» የሚለው ልኩን ስለሚረሳ ደካማ ነው።