የማገዶ ችግርና የመናገሻው ከተማ

ስለ ነዳጅ ችግር ሲነገር ሐሳባችን ወዲያው ወደ ቤንዚንና ወደ ናፍጣ፣ ወደ ዐረብ አገር የዘይት ጉድጓድና ወደ መርከብ ይሄዳል። ነገር ግን አንድ መንግሥት በነዳጅ እጦት ምን ያህል ሊጨነቅ፣ መፍትሔ ሲፈልግም ከማን ጥቅም ጋር ሊጋጭ እንደሚችል ለመረዳት ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። በየማለዳው ወደ መሥሪያ ቤታችሁ የምትጓዙባት አዲስ አበባ ራሷ፣ ከተቈረቈረች ሃያ ዓመት ሳይሞላት፣ በማገዶ እጦት ልትፈታ ተቃርባ ነበር።

ነገሩን በሚገባ ለማስተዋል የቀድሞ ነገሥታት ከተማ ምን ዓይነት እንደ ነበረ ማስታወስ ይገባል። ከጎንደር በፊት በነበረው ዘመን የንጉሡ ከተማ ብዙውን ጊዜ ድንኳን ነበር። በዐፄ ልብነ ድንግል ዘመን ወደ አገራችን መጥቶ ስድስት ዓመት የተቀመጠው የፖርቱጋል ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ የጻፈው ይህንኑ ነው። ብዙ ሠራዊት በአንድ ስፍራ ሲሰነብት በዙሪያው ያለው እህል ያልቃል፣ ሣሩ ይጋጣል፣ ዛፉም ይቈረጣል። ያን ጊዜ ነጋሪት ተጐስሞ ሰፈሩ ይነሣል፤ የተራቈተውም ምድር እንደ ገና ለማቈጥቈጥ ፋታ ያገኛል። የከተማው መዘዋወር ከጦርነትና ከግብር አሰባሰብ ጋር ተያይዞ ይተረካል። ማገዶውንም መዘንጋት አይገባም፤ ወጥ ያለ እንጨት እንደማይበስል ለማወቅ ሊቅ መሆን የሚያሻ አይመስለኝም።

ዳግማዊ ዐፄ ምኒልክም በዚሁ ልማድ ከአንኮበር ወደ ልቼ፣ ኋላም ወደ እንጦጦ ተዘዋውረዋል። እንጦጦ ለጠላት የማይመች አምባ ቢሆንም ብርዱና ነፋሱ የበረታ፣ ማገዶም የሚቸግርበት ነበር። በ1879 ዓ.ም. እቴጌ ጣይቱ በፍል ውሃው አጠገብ ቤት አሠርተው ስፍራውን አዲስ አበባ ባሉት ጊዜ፣ ይህ ደግሞ ለጥቂት ዓመታት የሚሆን ሌላ ሰፈር ነው ብሎ ያሰበ ሰው ቢኖር አይፈረድበትም።

ሆኖም በ1888 ዓ.ም. ከዐድዋ ድል በኋላ ነገሩ ተለወጠ። የውጭ መንግሥታት መልእክተኞቻቸውን ላኩ፤ ሌጋሲዮንም ተሠራ፤ ነጋዴው፣ ግንበኛው፣ አናጢው ተሰበሰበ። መኳንንቱ እያንዳንዳቸው በየኮረብታው ላይ ከነሎሌያቸው ሰፈሩ። ይህ ሁሉ ሕዝብ እንጀራ ይጋግራል፣ ወጥ ይሠራል፣ ጠላ ይጠምቃል፣ ሌሊት ደግሞ እሳት ይሞቃል። በቤተ መንግሥቱ ግብር ሲገባ የሚነደውን እንጨት ማሰብ ነው! በዚህ ላይ የቤቱ ምሰሶና ማገር፣ የአጥሩም እንጨት አለ። ጽድና ወይራ እስኪያድጉ የሰው ዕድሜ ይፈጃሉ፤ ምሳር ግን በአንድ ጧት ይጨርሳቸዋል። ስለዚህ የእንጦጦ ግርጌ ተራቈተ፤ ማገዶ የሚለቀምበትም ስፍራ ከዓመት ወደ ዓመት እየራቀ ሄደ።

ከዚህ በኋላ በንጉሠ ነገሥቱ ፊት የቀረበው መንገድ ሁለት ነበር፤ ወይ ከተማውን ወደ ደን መውሰድ፣ ወይም ደንን ወደ ከተማው ማምጣት። ምኒልክ በመጀመሪያ የአባቶቻቸውን መንገድ መረጡ። በ1893 ዓ.ም. ገደማ ከአዲስ አበባ በስተ ምዕራብ 55 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ በሚገኘው፣ ደን ባልጐደለበት ስፍራ ቤተ መንግሥት ማሠራት ጀመሩ። ስሙንም አዲስ ዓለም አሉት። ወደዚያ የሚወስደውም መንገድ በአገራችን ከተሠሩት የመጀመሪያዎቹ ዘመናዊ መንገዶች አንዱ ሆነ።

ነገር ግን አዲስ አበባ እንደ ቀድሞው ሰፈር ድንኳን ነቅሎ የሚሄድ አልነበረም። በድንጋይና በኖራ ቤት የሠራ ሰው፣ ገንዘቡን በመሬቱ ላይ ያፈሰሰ ነጋዴ፣ ሌጋሲዮኑን ያቆመ መንግሥት፣ ተነሥ ቢሉት በቀላሉ አይነሣም። ንጉሠ ነገሥቱም ራሳቸው በቤተ መንግሥታቸው ብዙ ደክመውበታል። በእኔ አስተያየት ከተማውን ያጸናው አዋጅ ሳይሆን የግንብ ቤት ነው። አዲስ ዓለም ላይ የተጀመረው ሕንጻም የማርያም ቤተ ክርስቲያን ሆነ። የአቢሲኒያ ባንክ በ1898 ዓ.ም. ሲከፈት፣ በ1900 ዓ.ም.ም የመጀመሪያዎቹ ሚኒስትሮች ሲሾሙ፣ ሥራው ሁሉ በአዲስ አበባ ተተከለ።

እንግዲህ ሁለተኛው መንገድ ቀረ። ባሕር ዛፍ ከአውስትራሊያ የተገኘ ዛፍ ሲሆን፣ ወደ አገራችን የገባው በ1887 ዓ.ም. አካባቢ ነው። ያመጣው ፈረንሳዊው ሞንዶን ቪዳይሌ ነው ይባላል፤ ይህንን ክብር ለሌሎች የሚሰጡም አሉ። ከማን ያመጣው ክርክር ይልቅ የዛፉ ጠባይ ይበልጥ ያስደንቃል። በአምስት ዓመት ገደማ ለማገዶና ለአጥር ይደርሳል፤ ሲቈረጥ ከጉቶው መልሶ ያቈጠቁጣል፤ ከብትም ቅጠሉን አይበላውም። ምኒልክ ችግኙ ለሕዝቡ እንዲዳረስ አደረጉ፤ ባሕር ዛፍ የተተከለበትም መሬት ከግብር ነጻ እንዲሆን መፈቀዱ ይነገራል። ባለመሬቱም አንድ ጊዜ ተክሎ ብዙ ጊዜ መሸጥ እንደሚችል ባየ ጊዜ፣ ትእዛዝና ቈጣሪ ሳያስፈልገው ጓሮውን ዛፍ በዛፍ አደረገው። ባቡሩ በ1909 ዓ.ም. አዲስ አበባ ሲገባ ከተማዪቱ በደን ተሸፍና ተቀበለችው።

ነገር ግን መድኃኒቱ ሌላ ሕመም አመጣ። ዛፉ ውሃ ይመጣል፣ ምንጭ ያደርቃል የሚል አቤቱታ በዛ። በ1905 ዓ.ም. ገደማ፣ ንጉሠ ነገሥቱ በጽኑ ታመው ሳሉ፣ ከባሕር ዛፉ ሁለት ሦስተኛው እንዲነቀል አዋጅ ወጣ። የሚያስደንቀው የአዋጁ መውጣት አይደለም፤ የፈጸመው ሰው ጥቂት መሆኑ ነው። ከዓመታት በፊት ሕዝቡን ዛፍ እንዲተክል ያነሣሣው ያው ጥቅም አሁን እንዳይነቅል ከለከለው። ምንጩ የሁሉ ነው፤ ዛፉ ግን ባለቤት አለው። አዋጁን የሚያስፈጽሙት መኳንንትም ራሳቸው ባለዛፍ ነበሩ።

ስለ ባሕር ዛፍ ሲወራ ምስጋናው ብዙ ነው፤ ይገባዋልም። ይሁን እንጂ ማገዶ በገበያ ተትረፈረፈ ማለት በየምድጃው ተትረፈረፈ ማለት አይደለም። መሬት ያለው ሸጠ፤ መሬት የሌለው ገዛ፤ መግዣ ያጣው ቅጠልና ጭራሮ ለመልቀም ወደ እንጦጦ ወጣ። ይህም ሸክም የወደቀው በሴቶች ጀርባ ላይ ነው። በ1967 ዓ.ም. መሬት የመንግሥት ንብረት ሲሆን የዛፉ ጌታ ተለወጠ፤ የተሸካሚዋ መንገድ ግን ያው ቀረ። ከባለመሬቱ ዘበኛ ፈንታ የመንግሥት ደን ጠባቂ ይይዛት ጀመር። በ1970ዎቹ የከተማውን ማገዶ ለመርዳት በዙሪያው አዲስ ደን ሲተከልም፣ እርሷ ብዙ ጊዜ ከገዛ ክብደቷ የማይተናነስ እስር ተሸክማ፣ ጐንበስ ብላ፣ በዚያው በእንጦጦ ቁልቁለት ወደ ገበያ ትወርድ ነበር።