«እኔ ጋ ገና አልገባም!» ፦ ኳስን በጆሮ የመከታተል ታሪክ

ጥር 13 ቀን 2005 ዓ.ም. ሰኞ አመሻሽ ላይ፣ ወላጆቼ ቤት፣ አንድ ጎል ሦስት ጊዜ ገባ።

ብሔራዊ ቡድናችን ከ31 ዓመት በኋላ ወደ አፍሪካ ዋንጫ ተመልሶ ደቡብ አፍሪካ፣ ኔልስፕሩይት ከተማ ላይ ከዛምቢያ ጋር ይጫወት ነበር። ዛምቢያ የዋንጫው ባለቤት ናት። ሳላዲን ሰኢድ የመታው ፍፁም ቅጣት ምት ተይዞበታል፤ በረኛችን ጀማል ጣሰው በቀይ ካርድ ወጥቷል፤ 1 ለ 0 እየተመራን በ10 ሰው ቀርተናል። አባባ የቴሌቪዥኑን ድምፅ አስጠፍቶ ትንሿን ሬዲዮውን ጆሮው ሥር ይዟታል። ከእረፍት በኋላ ድንገት «ገባ!» ብሎ ብድግ አለ። ቴሌቪዥኑ ላይ ኳሷ ገና መሐል ሜዳ አካባቢ ናት። «አባባ ደግሞ!» ብለን ልንስቅበት ስንል አዳነ ግርማ አገባ። ቤቱ በጩኸትና በእልልታ ተናጋ። እኔ ወዲያው አሜሪካ ያለችው እኅቴ ጋ ደወልኩ። እሷ ሥራ ቦታዋ ሆና፣ አንድ ጆሮዋ ላይ ማዳመጫ ሰክታ፣ አባባ የሚሰማውን ያንኑ ጣቢያ በኢንተርኔት እየሰማች ነው። «ሰማሽ አይደል?» ስላት «ምኑን? እኔ ጋ ገና አልገባም!» አለችኝ። ትንሽ ቆይታ እሷም ጮኸች።

ነገሩ ለመረዳት አይከብድም። የኤፍ ኤም ሞገድ በቀጥታ ይመጣል። የዲሽ ምስል 36,000 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቆ ወዳለ ሳተላይት ወጥቶ ይመለሳል፤ ተጨምቆ ተልኮም ቤት ሲደርስ ይፈታል። የኢንተርኔት ድምፅ ደግሞ ተከፋፍሎ በትንንሽ ጥቅል ይላካል፤ ተቀባዩ ስልክ ወይም ኮምፒውተር ድምፁ እንዳይቆራረጥበት ብዙ ሴኮንድ ያህል አስቀድሞ አጠራቅሞ ነው የሚያሰማው። ስለዚህ በጣም የራቀ ሰው በጣም ዘግይቶ ይደሰታል። ግን ይደሰታል። እንዴት እዚህ እንደተደረሰ ነው ላጫውታችሁ የፈለግሁት። ሐኪም እንጂ የታሪክ ሰው አይደለሁምና የታሪክ ትምህርት ክፍል ወዳጆቼ ስሳሳት ይታገሡኝ።

ቢቢሲ የእግር ኳስ ግጥሚያ ለመጀመሪያ ጊዜ በቀጥታ ያስተላለፈው እ.ኤ.አ. ጃንዋሪ 22 ቀን 1927 ነው። አርሰናልና ሼፊልድ ዩናይትድ ለንደን ሃይበሪ ሜዳ ላይ ተጫውተው 1 ለ 1 ወጡ። አስተላላፊው ቴዲ ዌክላም የሚባል የቀድሞ የራግቢ ተጫዋች ነበር። የጣቢያው መጽሔት ሬዲዮ ታይምስ አስቀድሞ የሜዳውን ሥዕል በስምንት ሳጥን ከፋፍሎ፣ ቁጥር ሰጥቶ አትሟል። ዌክላም ጨዋታውን ሲናገር ሌላ ሰው ከጎኑ ሆኖ ኳሷ ያለችበትን ሳጥን ቁጥር ይጠራል፤ ሰሚው ቤቱ ቁጭ ብሎ በጣቱ ሥዕሉ ላይ ይከተላል።

ከዚያ ቀደም ባለው ሳምንት ዌክላም የራግቢ ግጥሚያ አስተላልፎ ነበር። በዚያን ጊዜ የሆነውን ራሱ በኋላ ተርኮታል። ለማን እንደሚናገር ግራ እንዳይገባው ብለው አንድ ዐይነ ስውር ሰው አጠገቡ አስቀመጡለት። «ለእሱ ንገረው» ተባለ። እሱም ለዚያ ሰው እንደሚነግር አድርጎ ለአገሩ ሁሉ ነገረ። ይህን ታሪክ ስሰማው ለምን እንደነካኝ ወደ በኋላ እናገራለሁ።

እንግሊዞቹ ነገሩን እዚያው አልተዉትም። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ፣ በተለይ እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ፣ በጎ ፈቃደኞች ከስታዲየም እስከ ሆስፒታል የስልክ መስመር እየተከራዩ ጨዋታውን አልጋ ላይ ላሉ ሕመምተኞች ማስተላለፍ ጀመሩ። የሆስፒታል ሬዲዮ የሚባለው ነገር በብዙ ከተሞች የተስፋፋው በዚህ መንገድ ነው። ዋርድ ውስጥ ስንት ዓመት ሠርቼ ይህን ዘግይቼ ማወቄ አሳፍሮኛል።

ወደ እኛ አገር እንምጣ። በጥር 13 ቀን 1954 ዓ.ም. ኢትዮጵያ አዲስ አበባ ላይ ግብፅን በጭማሪ ሰዓት 4 ለ 2 አሸንፋ የአፍሪካን ዋንጫ ወሰደች። ቀኑን ልብ በሉ፤ ከላይ ያነሣሁት የዛምቢያው ጨዋታ ልክ በ51 ዓመቱ በዚያው ቀን የዋለ ነው። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሥራ የጀመረው በ1957 ዓ.ም. ስለሆነ በዚያን ዕለት ስታዲየም ያልገባ ሰው ያለው ጆሮው ብቻ ነው። አባባ ያኔ ወጣት ተማሪ ነበር። ሰፈሩ ውስጥ ሬዲዮ ያለው አንድ ባለ ሱቅ በሩ ላይ አውጥቶ አስቀመጠላቸው፤ ሉቺያኖ ቫሳሎ አቻ ያደረገበትን፣ ኢታሎና መንግሥቱ ወርቁ በጭማሪ ሰዓት ያገቡትን ሁሉ ምንም ሳያይ «አይቻለሁ» ብሎ ነው የሚያወራው። እኛም ልጆቹ ሳናይ አይተናል።

የእኔ ትውልድ ድምፅ ደግሞ ደምሴ ዳምጤ ነው። በ1980 ዓ.ም. የምሥራቅና መካከለኛው አፍሪካ ዋንጫ ፍጻሜ ኢትዮጵያ ዚምባብዌን በፍፁም ቅጣት ምት ስታሸንፍ ገና የ7 ዓመት ልጅ ነበርኩ። ከጨዋታው የማስታውሰው የአባባን እጅ ነው፤ እያንዳንዱ ምት ሊመታ ሲል ጉልበቴን ጨምቆ ይይዘኛል። የደምሴ ድምፅ ሲሰበርና ሲያለቅስ ይሰማል። ያ ስርጭት ዛሬም ዩቲዩብ ላይ እየተፈለገ ይሰማል። ያኔ ያልተወለዱ ልጆች ሲያዳምጡት ዐይናቸው እንባ ሲያቀር አይቻለሁ።

ከዚያ ካምፓስ። በ1990ዎቹ መጀመሪያ ሕክምና ስንማር የነበራችሁ ታስታውሳላችሁ፤ ቅዳሜ ከሰዓት አንድ ልጅ በአጭር ሞገድ የቢቢሲን የዓለም አገልግሎት ይይዝና እየሰማ ለተሰበሰበው ሁሉ ይተረጉማል። ሞገዱ ይሄዳል፣ ይመጣል። ድምፁ ተመልሶ ሲመጣ ውጤቱ ተቀይሮ የምናገኝበት ጊዜ ነበር። የሰውነት ክፍሎችን ስም በላቲን እየሸመደድን፣ አንቴናውን በየተራ እየያዝን፣ ያላየነው ሜዳ ላይ ስንጣላ እንመሽ ነበር።

እኛ አንቴና ስንይዝ ግን ሌላ ቦታ ነገሩ ተለውጦ ነበር። እ.ኤ.አ. በኤፕሪል 1995 ሲያትል የሚገኘው ፕሮግረሲቭ ኔትወርክስ ሪልኦዲዮ የተባለውን ፕሮግራም አወጣ። በስልክ መስመር፣ በሴኮንድ 14.4 ኪሎቢት ብቻ በሚያሳልፍ ሞደም፣ የሰው ድምፅ ፋይሉ ወርዶ እስኪያልቅ ሳይጠበቅ ይሰማ ጀመር። በዚያው ዓመት ሴፕቴምበር 5 ቀን የሲያትል ማሪነርስና የኒው ዮርክ ያንኪስ የቤዝቦል ጨዋታ በዚህ ዘዴ በቀጥታ ተሰማ። በኢንተርኔት በቀጥታ ከተሰሙ የስፖርት ውድድሮች የመጀመሪያው ተብሎ የሚጠቀሰው እሱ ነው።

ይህ መጽሔት የምሩቃን ስለሆነ ቀጥሎ ያለውን በተለይ ልብ እንድትሉልኝ እፈልጋለሁ። ማርክ ኩባንና ቶድ ዋግነር የሚባሉ ሁለት ሰዎች ከኢንዲያና ዩኒቨርሲቲ ተመርቀው ዳላስ፣ ቴክሳስ ይኖሩ ነበር። ከዩኒቨርሲቲያቸው ከ1,000 ኪሎ ሜትር በላይ ርቀዋል። የሚፈልጉት አንድ ነገር ነው፤ የተማሩበትን ዩኒቨርሲቲ የቅርጫት ኳስ ጨዋታ መስማት። የኢንዲያና ሬዲዮ ቴክሳስ አይሰማም። በ1995 ኦዲዮኔት የተባለውን ድርጅት ይዘው የተነሡት በዚህ ናፍቆት ነው። የብዙ ኮሌጆችን ጨዋታ፣ እግር ኳሳቸውንም ጨምሮ፣ ከአካባቢ ሬዲዮ እየተቀበሉ በኢንተርኔት ማሰማት ጀመሩ። ድርጅቱ በ1998 ስሙ ብሮድካስት ዶት ኮም ተባለ፤ በ1999 ያሁ በ5.7 ቢሊዮን ዶላር ገዛው። ያሁ ብዙም ሳይቆይ ዘጋው። ሐሳቡ ግን ቀረ። የዛሬው የቀጥታ ስርጭት ገበያ ሥሩ ሲቆፈር የምሩቃን ናፍቆት ይገኝበታል።

ኢትዮጵያ ውስጥ ኢንተርኔት የገባው በ1989 ዓ.ም. ነው። እኛ ተማሪዎች ሳለን አንድ ገጽ እስኪከፈት ቡና ይጠጣ ነበር፤ ጨዋታ መስማት የማይታሰብ ነው። በኋላ ግን እንደ ሸገር 102.1 እና ብስራት 101.1 ያሉ ኤፍ ኤም ጣቢያዎች መጡ፤ የእንግሊዝ ጨዋታ በአማርኛ በቀጥታ መተላለፍ ጀመረ፤ የጣቢያዎቹ ድምፅም በኢንተርኔት ተለቀቀ። ያኔ ነው ዋሽንግተን ታክሲ የሚነዳው፣ ቤሩትና ዱባይ ሰው ቤት የምትሠራው፣ እንደ እኅቴ አረጋውያን የምትንከባከበው ሁሉ ከአዲስ አበባ ሰው ጋር አብሮ መጮኽ የቻለው፤ ትንሽ ዘግይቶ ቢሆንም።

አንድ የሚያስገርም ነገር ልጨምር። የድሮው ሞገድ ድንበር አያውቅም ነበር፤ አጭር ሞገድ ፓስፖርት ሳይጠየቅ ካምፓሳችን ድረስ መጥቷል። ድንበር የለውም የተባለለት ኢንተርኔት ግን ድንበር ተበጀለት። የማስተላለፍ መብት በአገር በአገር ስለሚሸጥ፣ የቢቢሲ ሬዲዮ 5 ላይቭ የፕሪሚየር ሊግ ስርጭት ከብሪታንያ ውጭ በኢንተርኔት ይዘጋል፤ ኮምፒውተሩ ያለህበትን አገር አይቶ ነው የሚመልስህ። የእንግሊዝ ዝቅተኛ ዲቪዚዮን ክለቦች ውጭ ላሉ ደጋፊዎቻቸው በ2017 አይፎሎው የተባለ አገልግሎት ሲከፍቱ አንዱ ምክንያት የራቀ ደጋፊ ከፍሎም ቢሆን መስማት ስለሚፈልግ ነው። የራቀ ሰው ጆሮ ዋጋ እንዳለው ገበያው ራሱ መሰከረ ማለት ነው።

አሁን ወደ አባባ ልመለስ። ቴሌቪዥን እያለ ሬዲዮ የሚያዳምጠው ትዝታ ይዞት ነው ብዬ ነበር የማስበው። «የ1954 ሰው» እያልን እናሾፍበት ነበር። ከዛምቢያው ጨዋታ ጥቂት ወራት በኋላ ደጃፍ ላይ ያለ ዱካ መትቶ ወደቀ። ከጎኑ ነበር ያለችው፤ አላያትም። የዐይን ሐኪም ወዳጄ ጋ ወሰድኩት። ግላኮማ ነበር፤ በሁለቱም ዐይኖቹ የቀረው መሐሉ ብቻ ነው፣ በቱቦ ውስጥ እንደማየት። ቴሌቪዥኑ ላይ ኳሷን መከተል ካቃተው ሁለት ሦስት ዓመት እንደሆነው የነገረን ያኔ ነው። «በሬዲዮ በደንብ ይነግሩኛል፣ ለምን ላስቸግራችሁ» አለ። ልጁ ሐኪም ናት። አጠገቡ ቁጭ ብላ ስቃበታለች። የሞተ የዐይን ነርቭ አይመለስም፤ የቀረውን ማቆየት ግን ይቻላል፣ እሱንም እያቆየን ነው። ዌክላም አጠገቡ ስላስቀመጡለት ዐይነ ስውር ሳነብ መጽሐፉን አስቀምጬ ተነሥቼ የወጣሁት ለዚህ ነው።

ስለዚህ ሁለት ነገር ልለምን። የመጀመሪያው የሐኪም ነው። አብዛኞቻችን 40 ዓመት አልፈናል፤ ግላኮማ አያምም፣ በዘርም ይሄዳል። ዐይናችሁን ተመርመሩ። ቤታችሁ ውስጥ ቴሌቪዥን እያለ ሬዲዮ የሚመርጥ አባት ወይም እናት ካለ አትሣቁ፤ ጠይቁ።

ሁለተኛው ለማኅበራችንና ለዩኒቨርሲቲው ነው። በየዓመቱ በመገናኛው ቀን የነባርና የአዲስ ምሩቃን ግጥሚያ አለ። ከእኛ መካከል መምጣት የማይችሉ ብዙ ናቸው፦ ባሕር ማዶ ተረኛ ሆነው የሚያድሩ፣ የታመሙ፣ ትኬት የከበዳቸው። ምስል ማሰራጨት ገንዘብም መስመርም ይፈልጋል። ድምፅ ግን በሴኮንድ 32 ኪሎቢት ቢላክ የ90 ደቂቃ ጨዋታ ሙሉው 22 ሜጋባይት አይሞላም። አንድ ስልክ፣ አንድ ማይክራፎንና መናገር የማይሰለቸው አንድ ሰው ይበቃል፤ እንዲህ ያለ ሰው ደግሞ በየባቹ ሞልቷል። ኳሷ የት እንዳለች፣ ማን እንደያዛት፣ ውጤቱ ስንት እንደሆነ ደጋግሞ ይንገረን። ግር ካለው አንድ የማያይ ሰው አጠገቡ እናስቀምጥለት። አባባ ፈቃደኛ ነው፤ ጠይቄዋለሁ። ድምፁም ተቀድቶ ቤተ መጻሕፍቱ ውስጥ ይቀመጥ።

አባባ ዛሬም ጨዋታ ሲኖር ሬዲዮውን ይከፍታል። እኔም እንደ ድሮው አልስቅም፤ ጨዋታው ከመጀመሩ በፊት የዐይን ጠብታውን አደርግለትና አጠገቡ ቁጭ እላለሁ። «ገባ!» ሲል አምነዋለሁ።