ጆን ካሳቬቲስ፦ ትወናው ያኖረው ደራሲ

ጆን ካሳቬቲስ በአሜሪካ ከትላልቅ ስቱዲዮዎች ውጭ ፊልም መሥራት እንደሚቻል ካሳዩት ቀዳሚዎች አንዱ ነው። እ.ኤ.አ. በ1929 ኒውዮርክ ውስጥ ከግሪካውያን ቤተሰብ ተወለደ፤ ትወና ተምሮም በ1950ዎቹ በቴሌቪዥን ድራማዎች ታወቀ።

የመጀመሪያ ፊልሙ «ሻዶውስ» የተወለደው ከሚመራው የትወና አውደ ጥናት ነው። በ1957 በሬዲዮ ቀርቦ፣ ስለ ተራ ሰዎች ኑሮ የተሠራ ፊልም ማየት የሚሹ ሁሉ እንዲያዋጡ ጠየቀ፤ አድማጮችም ገንዘብ ላኩለት። በ1958 ለሕዝብ የታየው ቅጂ ግን ራሱን አላረካውም። አዳዲስ ትዕይንቶች ጽፎ ብዙውን ክፍል በ1959 እንደገና ቀረጸ። በፊልሙ መጨረሻ የሚነበበው ጽሑፍ ሥራው ያለ ድርሰት በቅጽበት የተፈጠረ መሆኑን ስለሚናገር፣ «ካሳቬቲስ ሳይጽፍ ይቀርጻል» የሚለው ወሬ ዕድሜ ልኩን ተከተለው። ወሬው ደራሲነቱን ይበድላል።

ቀጥሎ ሆሊዉድ ዳይሬክተር አድርጎ ቀጠረው። በ«ኤ ቻይልድ ኢዝ ዌይቲንግ» (1963) ኤዲቲንግ ከፕሮዲዩሰሩ ስታንሊ ክሬመር ጋር ተጣላና ፊልሙ ከእጁ ወጣ። መንገዱ የለየው ከዚህ በኋላ ነው፦ ለሌሎች እየተወነ ባገኘው ክፍያ የራሱን ድርሰት ይቀርጻል። በ1965 የተጀመረው «ፌስስ» የተቀረጸው በጥቁርና ነጭ፣ በ16 ሚሊሜትር ፊልም፣ በራሱ መኖሪያ ቤት ጭምር ነበር፤ ለእይታ የበቃው በ1968 ነው። ከተዋናዮቹ አንዷ ሊን ካርሊን ቀደም ሲል በቢሮ ጸሐፊነት ትሠራ ነበር፤ በ«ፌስስ» ትወናዋ ለኦስካር ታጨች።

የአጻጻፉ ምስጢር ለተዋናይ ያለው ክብር ነው። ንግግሩን አስቀድሞ ይጽፋል፤ በልምምድ ላይ ተዋናዮቹን አዳምጦ ደግሞ ያሻሽለዋል። ተዋናዩ ወለል ላይ በተሠመረ ምልክት እንዲቆም አይገደድም፤ ወደፈለገው ይሄዳል፣ ካሜራው ይከተለዋል። በፊልሞቹ ላይ የሚታየው የቤት ውስጥ ጭቅጭቅ ያልተጻፈ የሚመስለው ስለዚህ ነው።

«ኤ ውማን አንደር ዘ ኢንፍሉዌንስ» (1974) ለባለቤቱ ለጂና ሮውላንድስ በተውኔት መልክ የታሰበ ነበር። እሷ ግን ይህን ያህል የሚያደክም ሚና በየምሽቱ መድረክ ላይ መሸከም እንደማትችል ስለነገረችው ወደ ፊልም ለወጠው። ስቱዲዮዎች ፊታቸውን ሲያዞሩ ቤቱን አስይዞ ተበደረ፤ አብሯት የተወነው ፒተር ፎክም ከኪሱ ጨመረ። አከፋፋይ ሲጠፋ፣ ካሳቬቲስ ራሱ ሲኒማ ቤቶችን እያነጋገረ አሳየው። ባልና ሚስቱ ሁለቱም ለኦስካር ታጩ፤ እሷ በትወና፣ እሱ በዳይሬክተርነት። ካሳቬቲስ ቀደም ሲል «ዘ ደርቲ ደዝን» ላይ በረዳት ተዋናይነት፣ በ«ፌስስ» ደግሞ በድርሰት ታጭቶ ስለነበር፣ በሦስቱም ሙያ ለመታጨት ከበቁ ጥቂቶች አንዱ ሆነ።

በቴድ አለን ተውኔት ላይ የተመሠረተው «ላቭ ስትሪምስ» በ1984 የበርሊንን ወርቃማ ድብ አሸነፈ። ካሳቬቲስ በዚህ ፊልም ላይ ታሞ ሳለ ራሱ ተውኗል። በ1989 በ59 ዓመቱ አረፈ። ትቶት ከሄደው ጽሑፍ አንዱን ልጁ ኒክ ካሳቬቲስ «ሺዝ ሶ ላቭሊ» በሚል ርእስ በ1997 ፊልም አደረገው፤ ሾን ፔንም በዚሁ ፊልም በካን ፌስቲቫል የምርጥ ተዋናይ ሽልማት ተቀበለ።