መዝገቡ ተዘግቷል

«በፍርድ ከሄደችው በቅሎዬ ያለ ፍርድ የሄደችው ጭብጦዬ ትቆጨኛለች» ይላል የሀገራችን ሰው፡፡ ተረቱ ስለ በቅሎም ስለ ጭብጦም አይደለም፤ ሰው ከንብረቱ ይልቅ «ማን ነበር ትክክል?» የሚለው ጥያቄ እንዲመለስለት የሚሻ መሆኑን ይነግረናል፡፡ ታዲያ ፍርድ ቤት «ከእንግዲህ ውሳኔ የሚያስፈልገው ነገር የለም» ብሎ መዝገብ ሲዘጋ ይህ ጥያቄ ወዴት ይሄዳል?

በመሠረቱ ሥርዓቱ ነውር የለበትም፡፡ ዳኛ የሚዳኘው ሕያው ክርክርን ነው፡፡ የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ከሳሽ በክርክሩ ላይ ጥቅም ያለው እንዲሆን ይጠይቃል፤ ሕገ መንግሥቱም በአንቀጽ 37 ለዳኝነት የሚቀርበው «በፍርድ ሊወሰን የሚገባው ጉዳይ» መሆኑን ይደነግጋል፡፡ ችግሩ የሚመጣው ጉዳዩን የገደለው ራሱ ተከሳሹ ሲሆን ነው፡፡

አካልን ነጻ የማውጣት አቤቱታን እንመልከት፡፡ ፖሊስ በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት ያላቀረበው ሰው እንዲለቀቅ አቤት የማለት መብት አለው (አንቀጽ 19)፡፡ ነገር ግን አቤቱታው በቀረበ ማግስት ታሳሪው ከተለቀቀ መዝገቡ ይዘጋል፡፡ መፈታቱ እሰየው ነው፤ እስሩ ሕገ ወጥ እንደነበር ግን የሚናገር ፍርድ አይኖርም፡፡ አሳሪውም ለሚቀጥለው እስር የሚጠነቀቅበት ምክንያት አያገኝም፡፡

ልደታ ለዚህ ታሪክ ሁለት ጎረቤታሞች ምስክሮች አሏት፤ ፍርድ ቤቱና ኮንዶሚኒየሙ፡፡

በሚያዝያ 2006 ዓ.ም. የታሰሩት ዘጠኝ የዞን 9 ጦማርያንና ጋዜጠኞች በሽብር የተከሰሱት በልደታው የፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነበር፡፡ በሐምሌ 2007 ዓ.ም. ዐቃቤ ሕግ የአምስቱን ክስ አነሳ፡፡ ክሳቸው የቀጠለው ቀሪዎቹ ደግሞ በጥቅምት 2008 ዓ.ም. ከሽብር ክሱ ነጻ ተባሉ፡፡ ልብ በሉ! ቀድመው የወጡት አምስቱ ከአንድ ዓመት በላይ ታስረው «ነጻ» የሚለውን የዳኛ ቃል አልሰሙም፤ ቃሉን የሰሙት እስር ቤት የቆዩት ናቸው፡፡

ወደ ኮንዶሚኒየሙ እንሻገር፡፡ በ2000ዎቹ መጀመሪያ አሮጌው የልደታ መንደር ሲፈርስ ይሠራበት የነበረው አዋጅ ቁጥር 455/1997 ነው፡፡ በአዋጁ መሠረት ባለይዞታው ቦታውን ማስረከቡን የሚያሳይ ማስረጃ ካላያያዘ ይግባኙ አይታይለትም፤ የካሳ ቅሬታም የማስለቀቁን ትዕዛዝ አያዘገይም፡፡ እንግዲህ ዳኛው መዝገቡን ሲገልጥ ቤቱ በቦታው የለም፡፡ «ቤቴ መፍረስ ነበረበት ወይ?» የሚለው ጥያቄ ሞቶ «ስንት ይከፈለኝ?» የሚለው ብቻ ይቀራል፡፡ ያ አዋጅ በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 ተሽሯል፤ በእርሱ ዘመን ከፈረሱት ግድግዳዎች ጋር የተቀበረው ጥያቄ ግን አልተመለሰም፡፡

ይህ ፈተና የእኛ ብቻ አይደለም፡፡ የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1911 ዓ.ም. የጊዜ ገደቡ ያለፈበት አንድ የመንግሥት ትዕዛዝ ቀርቦለት ነበር፡፡ መዝገቡን መዝጋት ሲችል አልዘጋውም፤ ሊደገም የሚችል፣ ነገር ግን ሁልጊዜ ከዳኛ እጅ ቀድሞ የሚያመልጥ ድርጊት ሊዳኝ ይገባዋል አለ፡፡

ለእኛም ዳኞች መንገዱ ይኸው ይመስለኛል፡፡ መዝገቡ ይዘጋ፤ ከመዘጋቱ በፊት ግን «ድርጊቱ ሕገ ወጥ ነበር» ወይም «አልነበረም» የምትል አንዲት ዐረፍተ ነገር ትጻፍበት፡፡ አለበለዚያ ፍትሕ የፈጣኖች ትሆናለች፤ ቀድሞ ያሰረ፣ ቀድሞ ያፈረሰ፣ ቀድሞም የለቀቀ ሁሉ ሳይዳኝ ያልፋል፡፡ በቅሎዋም ጭብጦዋም ያለ ፍርድ ይሄዳሉ፡፡