ካሳው ቆቃ ላይ አለ፤ ፍርዱስ?

ከሞጆ ወደ መቂና ባቱ የሚወርድ መንገደኛ የቆቃን ውሃ ሳያይ አያልፍም። ከአዳማ ብዙም የማይርቀው ይህ ግድብ አዋሽን ገድቦ በ1960 ሥራ ጀመረ (ዓመቶቹ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። የተሠራበት ገንዘብ ግን ብድርም እርዳታም አልነበረም። ጣሊያን ለአምስቱ ዓመት ወረራ የከፈለችው የጦር ካሳ ነው።

የገንዘቡ ዕዳ በዚህ መልክ ተከፈለ። የደሙስ?

ራስ ደስታ ዳምጠው በስምጥ ሸለቆ ሐይቆች አካባቢ ሲዋጉ ቆይተው በየካቲት 1937 ተማርከው ቡታጅራ አካባቢ በጥይት ተደበደቡ። የአዲስ አበባው የየካቲት 12 እልቂት ከተፈጸመ ገና ሳምንት አልሞላውም ነበር። ከዚያ በፊት በጦር ግንባር የመርዝ ጋዝ ዘንቧል። ኢትዮጵያ ከጦርነቱ በኋላ ባዶሊዮንና ግራዚያኒን ጨምሮ 10 ተከሳሾችን ለተባበሩት መንግሥታት የጦር ወንጀል ኮሚሽን አቀረበች፤ ማስረጃዋንም አሳትማ አወጣች። ሆኖም በኢትዮጵያ ለተፈጸመው ግፍ አንድም የጣሊያን ጄኔራል ፍርድ ቤት አልቆመም። ግራዚያኒ በ1950 በአገሩ 19 ዓመት ሲፈረድበት ጥፋቱ ከጀርመኖች ጋር ማበሩ ነበር። ወዲያው በዚያው ዓመት ተለቀቀ።

ለምን? መልሱ ለ40 ዓመት ያህል በመዝገብ ቤት ተኝቶ ቆየ። በ1989 ግን አሜሪካዊው የታሪክ ምሁር ማይክል ፓሉምቦ ከፊልም ሠሪው ኬን ከርቢ ጋር ሆኖ ለቢቢሲ «ፋሺስት ሌጋሲ» (የፋሺስት ውርስ) የተባለ ባለ ሁለት ክፍል ዘጋቢ ፊልም አቀረበ። የመጀመሪያው ክፍል በኢትዮጵያ፣ በሊቢያና በዩጎዝላቪያ የተሠራውን ያሳያል። ሁለተኛው ይበልጥ ያማል። እንግሊዝና አሜሪካ ኮሚኒዝምን ፈርተው የጣሊያንን ጄኔራሎች ከፍርድ እንዴት እንዳሸሿቸው በሰነድ ይገልጣል።

የጣሊያን ብሔራዊ ቴሌቪዥን ራይ ፊልሙን ገዛ፤ በጣሊያንኛም አዘጋጀው። ከዚያ ቆለፈበት። የጣሊያን ሕዝብ ሰፊ ክፍሉን በላ ሴቴ ጣቢያ ያየው በ2004 ነው።

ልብ በሉ! አንጄሎ ዴል ቦካ ስለ መርዝ ጋዙ መጻፍ የጀመረው በ1960ዎቹ ነበር፤ መጽሐፎቹም በገበያ ላይ ነበሩ። መጽሐፍ የሚያነበው ጥቂት ሰው ነው፤ ፊልም ግን እያንዳንዱ ቤት ሳሎን ድረስ ይገባል። የተፈራውም ይኸው ነው። የጣሊያን መከላከያ ሚኒስትር ስለ ጋዙ በፓርላማ ያመኑት በ1996 ነው። ያም ሆኖ በ2012 አፊሌ በምትባል ከተማ ለግራዚያኒ መታሰቢያ ቆመ።

የፓሉምቦ ሥራ ለእኛ አገር ትምህርት አለው። የታሪክ ምሁር ፊልሙ ካለቀ በኋላ ለሁለት ደቂቃ አስተያየት የሚጠራ እንግዳ መሆን የለበትም። ጥያቄው ሲነሣ፣ ሰነዱ ሲፈለግ፣ ምስሉ ከመረጃው ጋር ሲመሳከር አብሮ መኖር አለበት። ሰነድ የሌለው ፊልም «ፕሮፓጋንዳ ነው» ተብሎ በአንድ ቃል ይጣላል። ፊልም ያላገኘ ሰነድ ደግሞ አቧራ ይበላዋል።

ከአዳማ እስከ ሻሸመኔ ያን ዘመን በዓይናቸው ያዩ ሽማግሌዎች እያለቁ ነው። ካሜራ በእያንዳንዱ ወጣት ኪስ አለ። ነገ ቆቃን የሚቀርጽ ሰው ውሃውንና ዓሣውን ብቻ ቢያሳይ የተናገረው ግማሹን ነው። ያ ውሃ የካሳ ደረሰኝ ነው፤ የፍርዱ ወረቀት እስከ ዛሬ አልመጣም።